ከባዱ መጠጥ ቀላል ነው፦ «የዳክዬ ፈስ» ለምን ይደፈርሳል?

ጥያቄው እንዲህ ይላል፦ «ሰላም ለእርስዎ። የጓደኛዬ ልደት እየደረሰ ነው። በሦስት ቀለም የሚደረደረውን "ዳክ ፋርት" የሚባለውን ሾት (በትንሽ ብርጭቆ በአንዴ የሚጠጣ መጠጥ) ልሠራላት አስቤ ቤት ውስጥ ሞከርኩ። ውስኪ ከባድ መጠጥ ስለሆነ ከሥር አደረግኩት። በላዩ ላይ ቤይሊስ የሚባለውን የክሬም ሊኬር (ጣፋጭ የአልኮል መጠጥ)፣ ከዚያ የቡና ሊኬር ጨመርኩ። በማንኪያም ቀስ ብዬ ሞክሬያለሁ፤ ግን ሁሉም ተደባልቆ ቡናማ ሆነ። ምኑ ላይ ተሳሳትኩ? አሥር ሰው ነው የምጋብዘው፤ ቀድሜ ሠርቼ ማስቀመጥስ እችላለሁ? ስሙስ ምንድን ነው ነገሩ?»

እህቴ ሰላም ላንቺም ይሁን።

መልሱን ከፊት ልስጥሽ። የተሳሳትሽው ቅደም ተከተሉ ላይ ነው። ከሥር የቡና ሊኬር፣ መሃል ቤይሊስ፣ ከላይ ውስኪ ነው የሚሆነው። አንቺ ገልብጠሽ ነው የቀዳሽው። ተገልብጦ የተቀዳ ሾት ደግሞ እጅሽ የቱንም ያህል ቢረጋ አይቆምም። ስለዚህ በማንኪያው አትዘኚ። ማንኪያው በደለኛ አይደለም።

ያሳሳተሽ አነጋገራችን ይመስለኛል። ውስኪን፣ ቮድካን፣ ጂንን «ከባድ መጠጥ» እንላቸዋለን። ከባድ ስንል ግን ጉልበታቸውን ነው፤ ሚዛናቸውን አይደለም። ሚዛን ላይ ሲወጡ እነሱ ናቸው ቀላሎቹ። አንድ ሊትር ውሃ 1000 ግራም ይመዝናል። አንድ ሊትር ንጹህ አልኮል ግን 789 ግራም ገደማ ነው። አልኮል በጨመረ ቁጥር መጠጡ ይቀልላል ማለት ነው። 40 በመቶ አልኮል ያለው ውስኪ በሊትር 950 ግራም አካባቢ ይመጣል፤ ከውሃም ያንሳል። ይህን አንዴ ከያዝሽ የዚህን ሙያ ግማሹን ይዘሻል።

ሌላው ግማሽ ስኳር ነው። ስኳር መጠጡን ወደ ታች ይጎትታል። የቡና ሊኬር በስኳር የተሞላ ነው። ከጠርሙሱ ሲወርድ እንኳ እንደ ሽሮፕ ወፈር ብሎ ነው የሚወርደው። ካህሉዋ የሚባለው የቡና ሊኬር በሊትር 1140 ወይም 1150 ግራም አካባቢ ይደርሳል። ቤይሊስ ደግሞ መሃል ላይ ነው፤ ወደ 1050 ግራም። ክሬም ስላለው ቀላል መሆን ነበረበት ትዪ ይሆናል። እውነት ነው፣ ቅባት ቀላል ነው። ግን ውስጡ ያለው ስኳር ቅባቱ ካቀለለው በላይ ያከብደዋል። 17 በመቶ የሆነው አልኮሉም ከውስኪው ግማሽ እንኳ አይሞላም።

አሁን ያንቺን ብርጭቆ በዓይነ ሕሊናሽ እይው። ከሥር 950፣ በላዩ 1050፣ ከዚያም በላይ 1150። ቤይሊሱ ውስኪውን ሰንጥቆ ወረደ። የቡና ሊኬሩ ደግሞ ሁለቱንም ሰንጥቆ ወረደ። ሲወርዱ መንገድ ላይ ተቀላቀሉ። ዘይትና ውሃ ቢሆኑ ኖሮ ትንሽ ቆይተው በተለያዩ ነበር። እነዚህ ሦስቱ ግን በባሕርያቸው ውሃማ ናቸው፤ አንዴ ከተደባለቁ መልሰው አይለያዩም። ለዚህ ነው «ትንሽ ልጠብቀው፣ ይረጋ ይሆናል» የሚለው ተስፋ የማይሠራው። ሳይደባለቁ የሚያቆያቸው የክብደታቸው ልዩነትና ያንቺ ርጋታ ብቻ ነው።

ወደ ሥራው እንግባ። ለአንድ ሾት ከእያንዳንዱ 15 ሚሊ ሊትር ያስፈልግሻል። ይህ በመለኪያ ስብስቦች ውስጥ ያለችው አንድ የሾርባ ማንኪያ ልክ ነው። በድምሩ 45 ሚሊ ሊትር ይሆናል። ብርጭቆሽ 60 ሚሊ ሊትር የሚይዝ ከሆነ ከላይ ትንሽ ባዶ ቦታ ይተርፋል፤ ያ ጥሩ ነው። ብርጭቆው እስከ አፉ 45 ብቻ የሚይዝ ከሆነ ግን ከእያንዳንዱ ሁለት ተኩል የሻይ ማንኪያ አድርጊ። እስከ አፉ የሞላ ሾት ሲነሳ ይናወጣል፤ የመጀመሪያው ሰው እጅ ላይ ይፈስሳል።

ብርጭቆው ጠባብና ቀጥ ያለ ቢሆን እመርጣለሁ። ወደ ላይ እየሰፋ የሚሄድ ብርጭቆ ላይ እኩል ብትቀጂም የላይኛው ሽፋን ቀጭን ሆኖ ይታያል። ያ ስህተት አይደለም፣ ግን ዓይን ያታልላል። ብርጭቆው ደግሞ ንጹህና ደረቅ ይሁን። ግድግዳው ላይ የቀረች የውሃ ጠብታ የቀለሙን መስመር ታበላሻለች።

ካህሉዋና ቤይሊሱን ከፍሪጅ አውጪ። ቀዝቃዛ ፈሳሽ ወፈር ይላል፤ ወፍራም ፈሳሽ ደግሞ ለመደባለቅ አይቸኩልም። ውስኪው ከፍሪጅ ውጪ የቆየ ቢሆን ምንም ችግር የለውም። ፍሪዘር ውስጥ ግን ቤይሊሱን አታስገቢ። በጣም ከወፈረ በማንኪያው ላይ በዝግታ መፍሰሱን ትቶ በጉብታ ጉብታ ይወድቃል። የወደቀው ጉብታም የቡናውን ሽፋን ይበሳዋል።

የመጀመሪያው ሽፋን ቀላል ነው፣ ግን ብዙ ሰው የሚያጠፋው እዚሁ ነው። የቡና ሊኬሩን በብርጭቆው መሃል ቅጂው። ግድግዳውን አታስነኪው። ከነካ ቡናማ እንባ የመሰለ መስመር ከላይ እስከ ታች ይቀራል። ቤይሊሱ ሲመጣ ያ መስመር በነጩ ላይ ይታያል፤ ባልታጠበ ብርጭቆ የተሠራ ያስመስለዋል። ከነካ በወረቀት ፎጣ ጫፍ ጥረጊው፣ ከዚያ ቀጥዪ።

አሁን ማንኪያው መጣ። ትልቅ ማንኪያ ሾት ብርጭቆ ውስጥ አይገባም፤ የሻይ ማንኪያ ይበቃል። ጀርባው ወደ ላይ ይሁን። ብዙ ሰው እንደ ሾርባ መጠጫ ይይዘዋል። እንዲያ ሲሆን ማንኪያው ይሞላና በአንዴ ይገለበጣል። ጀርባው ወደ ላይ ሲሆን ግን ፈሳሹ በጉብታው ላይ ይዘረጋል፣ ጉልበቱን እዚያ ይጨርሳል፣ ከዚያ ተንሸራቶ ይወርዳል።

የማንኪያውን ጫፍ ከብርጭቆው የውስጥ ግድግዳ ጋር አስጠጊ። ከቡናው ወለል በላይ አንድ ፀጉር ያህል ከፍ ይበል። ፈሳሹን ሊነካ ሲል እዚያው አቁሚው። አሁን ቤይሊሱን ከመለኪያው ቀስ አድርገሽ በማንኪያው ጀርባ ላይ አፍስሺ። ከጠርሙስ በቀጥታ አትቅጂ። ጠርሙስ ይተነፍሳል፤ «ጉልግል» ሲል በአንዴ ብዙ ይጥላል። አፉ ሹል የሆነ ትንሽ መለኪያ ወይም ትንሽ የወተት ማንቆርቆሪያ ለእጅሽ ይታዘዛል።

የመጀመሪያዎቹ ጠብታዎች ላይ ነው ነገሩ ሁሉ። ቤይሊሱ ቡናውን የሚነካበትን ቅጽበት በቅርብ ተመልከቺ፤ ጎንበስ ብለሽ ዓይንሽን ከብርጭቆው ጋር አስተካክዪ። መጀመሪያ ነጭ ጠብታ ትወርዳለች። ትንሽ ትሰምጣለች፣ እንደ ደመና ትበተናለች፣ ከዚያ ተመልሳ ወደ ላይ ትወጣና በወለሉ ላይ ትዘረጋለች። ያቺ ጠብታ ስትመለስ ካየሻት ልብሽ ይረጋጋል፤ ቅደም ተከተልሽ ትክክል ነው። ቀጭን ነጭ ምንጣፍ ከተሠራ በኋላ የሚመጣው በዚያ ላይ ነው የሚያርፈው፤ ያኔ ትንሽ ፈጠን ማለት ትችያለሽ። እስከዚያ ግን ጠብታ በጠብታ። ፈሳሹ ከፍ ባለ ቁጥር ማንኪያውን ከፍ አድርጊው። ማንኪያው ሰምጦ ከቀረ ስታወጪው ያናውጣል።

እኔ ይህን የተማርኩት በመጥፎ መንገድ ነው። ሥራ በጀመርኩበት መጠጥ ቤት አንድ ማታ ስምንት ሾት ታዘዘኝ። ሰው ቆሞ ይጠብቃል። ክርኔን ከባንኮኒው አንስቼ፣ መለኪያውን ከፍ አድርጌ፣ በአየር ላይ ቀዳሁ። ከላይ የወረደው ፈሳሽ ማንኪያው ላይ ተፈናጥሮ ቀጥ ብሎ ወደ ሥር ገባ። ስምንቱም ደፈረሱ። የዚያን ዕለት አንድ አንጋፋ ባለሙያ ምንም ሳይናገረኝ ክርኔን ይዞ ባንኮኒው ላይ አስቀመጠው። ከዚያ ወዲህ ክርኔ ሳያርፍ ቀድቼ አላውቅም። አንቺም ክርንሽን ጠረጴዛ ላይ አሳርፊ። የመለኪያውን አፍ ከማንኪያው ጋር ልታገናኚው ምንም ያህል አይቅርሽ። ከፍታ ጠላት ነው፤ ከፍ ካለ ቦታ የወደቀ ፈሳሽ ቀላል ቢሆንም ሰንጥቆ ይገባል።

ከቤይሊሱ ወደ ውስኪው ከመሄድሽ በፊት ማንኪያውን ታጠቢና አድርቂ። ክሬም የቀባው ማንኪያ ላይ ውስኪ ካፈሰስሽ ነጭ ነጠብጣብ ይዞ ይወርዳል። ወርቃማው ሽፋን ይደበዝዝብሻል።

ውስኪው ከሦስቱ ሁሉ ሹል ነው። ቀጭን ነው፣ ይፈጥናል፣ አልኮሉም ከክሬሙ ጋር ለመቀላቀል ዝግጁ ነው። የክብደት ልዩነቱ ግን ይረዳሻል፤ ከቤይሊሱ በሊትር 100 ግራም ያህል ይቀልላል። እዚህ ላይ ቀስ ከማለት በላይ ቀስ በዪ። ማንኪያው የሚያስቸግርሽ ከሆነ መርፌ የሌለው አዲስ ሲሪንጅ በጣም አሪፍ ነው። ጫፉን ከግድግዳው ጋር አስጠግተሽ በቀስታ ትገፊዋለሽ። 15 ሚሊ ሊትሩንም ለክቶ ይሰጥሻል። በባለሙያ ዓይን «ማጭበርበር» የሚሉት አሉ፤ እኔ አልስማማም። እንግዳ የሚያየው ብርጭቆውን ነው።

በውስኪውና በክሬሙ መሃል ስስ ጭጋግ ቢታይ አትደንግጪ። ያ ይኖራል። መስመሩ እንደ ቢላ ስለት እንዲሆን የሚጠብቅ ሰው ፎቶ ላይ ያየውን ነው የሚፈልገው።

ስለ ውስኪው ዓይነት አልጠየቅሽኝም፣ ግን ልንገርሽ። በዚህ ሾት የሚታወቀው የካናዳው ክራውን ሮያል ነው። እ.ኤ.አ. በ1939 ንጉሥ ጆርጅ 6ኛና ንግሥት ኤልሳቤጥ ካናዳን ሲጎበኙ ለክብራቸው የተዘጋጀ ውስኪ ነው። ለስለስ ያለ ስለሆነ ከክሬምና ከቡና ጋር ይስማማል። እሱ ከሌለ ሌላ ለስላሳ ውስኪ ይሆናል። የጭስ ጠረን ያለውን ግን እኔ አልመክርም፤ የቡናውን ጣፋጭነት ይጋፋዋል።

የቡና ሊኬሩ ላይ ግን ጥንቃቄ ያስፈልጋል። ሁሉም የቡና ሊኬር እንደ ካህሉዋ ጣፋጭ አይደለም። ስኳራቸው የተቀነሰ አሉ። ስኳሩ ከቀነሰ ክብደቱም ይቀንሳል፤ ከቤይሊስ ጋር ሊቀራረብ ይችላል። ያኔ ቅደም ተከተልሽ ትክክል ሆኖ ሳለ ይደፈርስብሻል፤ ምን እንደነካሽም አታውቂም። መፍትሔው የወጥ ቤት ሚዛን ነው። አንድ ትንሽ ብርጭቆ ላይ ምልክት አድርጊ። እስከ ምልክቱ የቡናውን ሊኬር ሞልተሽ መዝኚ፣ ደፍተሽ አጥበሽ አድርቂ፣ እስከዚያው ምልክት ቤይሊሱን ሞልተሽ መዝኚ። 50 ሚሊ ሊትር ካህሉዋ 57 ግራም ገደማ ይመጣል፤ ቤይሊስ 52 ወይም 53፣ ውስኪ 47 ወይም 48። የምትመዝኛቸው ሁለቱ መጠጦች ልዩነታቸው 1 ግራም ብቻ ከሆነ እጅሽ የቱንም ያህል ቢረጋ ይከብድሻል። 3 ወይም 4 ግራም ከሆነ ዘና ብለሽ ቅጂ። ይህ ዘዴ ለየትኛውም ጠርሙስ ይሠራል። መጽሐፍ ማገላበጥ፣ ሠንጠረዥ መፈለግ አያስፈልግም።

ቤይሊሱም ዕድሜ አለው። እንደ ውስኪ ዓመታት የሚቀመጥ መጠጥ አይደለም፤ ወተት አለበት። አምራቹ ከ0 እስከ 25 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ባለ ቦታ ከተቀመጠ ለ2 ዓመት ጣዕሙን ይጠብቃል ይላል። ቀኑ ጠርሙሱ ላይ አለ። ብዙ ቤት ግን ቁም ሣጥን ውስጥ ተረስቶ የከረመ ጠርሙስ ይገኛል። ከመቅዳትሽ በፊት በንጹህ ማንኪያ ትንሽ አውጥተሽ እይ። ተጓጉሎ ወይም ኮምጠጥ ብሎ ከሸተተ ጣዪው። ጥሩ ከሆነ ጠርሙሱን ቀስ ብለሽ ነቅንቂና ለጥቂት ደቂቃ አቁሚው፤ አረፋ ያለው ክሬም ሽፋኑን ያሻክረዋል።

ከክሬም ጋር ሎሚ አታገናኚ። የብርጭቆ አፍ በሎሚ ማሸት የለመድሽ ከሆነ ዛሬ ተዪው። አሲድ የወተቱን ፕሮቲን ያረጋዋል። ሆን ብለው ይህን የሚያደርጉበት ሾት አለ፤ ስሙ «ሲሚንቶ ማደባለቂያ» ነው። ቤይሊስና የሎሚ ጭማቂ አፍ ውስጥ ሲገናኙ ይረጋሉ፣ ጠጪው ማኘክ ይጀምራል። ለሳቅ የሚደረግ ነው፤ ለልደት ግን አልመርጥልሽም።

ስሙን ጠየቅሽኝ። ምንም የተደበቀ ትርጉም የለውም፤ ቃል በቃል «የዳክዬ ፈስ» ማለት ነው። ስሙ ከአላስካ ጋር ተያይዞ ነው የሚነሳው፤ እዚያ ሰው እንደ ራሱ መጠጥ ያየዋል። ዕድሜውም ብዙ ሊሆን አይችልም። ካህሉዋ እ.ኤ.አ. ከ1936 ጀምሮ ከሜክሲኮ ወጥቷል፤ ቤይሊስ ግን ከአየርላንድ ለገበያ የቀረበው በ1974 ነው። ከዚያ በፊት መሃሉ የለም ማለት ነው። መደርደሩ ራሱ ግን የቆየ ጥበብ ነው። ፈረንሳዮች «ፑስ ካፌ» ይሉታል፤ «ቡናን የሚገፋ» እንደ ማለት ነው። በ19ኛው ክፍለ ዘመን ከምግብ በኋላ፣ ከቡና ቀጥሎ ይቀርብ ነበር። አንዳንዶቹ አምስትና ስድስት ቀለም ነበራቸው። ያኔ በዝግታ የሚጠጣ የክብር መጠጥ ነበር። አሁን በአንድ ትንፋሽ የሚገለበጥ ሾት ሆኗል፤ ስሙም ተከትሎ ተለወጠ።

እንዲህ ያለ ስም ለምን ይወጣለታል ካልሽ፣ ሾት የሚጠጣው በቡድን ስለሆነ ነው። ማንም ሰው ብቻውን ቁጭ ብሎ ሦስት ቀለም አይደረድርም። አዛዡ ስሙን ጮክ ብሎ ሲጠራ ጠረጴዛው ይስቃል፣ ሳቁ የመጠጡ ግማሽ ነው። ለዚህ ብዬ ነው ስሙን ብርጭቆዎቹ ከቀረቡ በኋላ ንገሪያቸው የምልሽ። መጀመሪያ ቀለሙን ይዩት። ቆንጆ ነው፤ ጥቁር፣ ክሬም፣ ወርቃማ። «ይኼ ምን ይባላል?» ብለው እስኪጠይቁ ጠብቂ። ከዚያ በአማርኛ ንገሪያቸው። በአማርኛ ሲጠራ ከእንግሊዝኛው ይብሳል፤ ማንም ሳቁን መያዝ አይችልም። ቃሉ የማይመቸው እንግዳ ካለ ደግሞ «ዳክ ፋርት» ብለሽ እለፊው።

አሁን ወደ አሥሩ እንግዶችሽ። ቀድሞ ሠርቶ ማስቀመጥ ይቻላል፣ ግን በከፊል። ሦስቱም ሽፋኖች ከተቀዱ በኋላ ጊዜው መቁጠር ይጀምራል። መስመሮቹ ቀስ በቀስ እየደበዘዙ ይሄዳሉ፤ በተለይ ውስኪውና ክሬሙ የሚገናኙበት። ስለዚህ እኔ እንዲህ ነው የማደርገው። አሥሩን ብርጭቆ በትሪ ላይ እደረድራለሁ። በአሥሩም ላይ ቡናውን እቀዳለሁ። ከዚያ በአሥሩም ላይ ቤይሊሱን። አንዱን ጨርሶ ወደ ሌላው መሄድ ጊዜ ይበላል፤ እጅም አይለምድም። አንድ ሽፋን አሥር ጊዜ ስትቀጂ ግን ከሦስተኛው ብርጭቆ በኋላ እጅሽ ራሱ ያውቀዋል። ሁለቱ ሽፋኖች ያሉበትን ትሪ ሸፍነሽ ፍሪጅ ውስጥ አስገቢው። አንድ ሰዓት ያህል ይጠብቅሻል። ውስኪውን ኬክ ሊቆረስ አሥር ደቂቃ ሲቀረው ጨምሪ።

የፍሪጁ መደርደሪያ ላይ ትሪው ቀጥ ብሎ መቀመጡን አረጋግጪ። በሩንም በኃይል አትዝጊ። ስትሸከሚው ትሪውን በሁለት እጅ ያዢ፣ መንገዱን አስቀድመሽ አስለቅቂ። ከወጥ ቤት እስከ ሳሎን ያለው መንገድ ከመቅዳቱ በላይ ብዙ ሾት አበላሽቷል። ቢቻል ውስኪውን እንግዶቹ ፊት ጨምሪው። ወርቃማው ነጩ ላይ ሲዘረጋ ማየት ለእነሱም ደስታ ነው።

ለአሥር ሰው ከእያንዳንዱ 150 ሚሊ ሊትር ይበቃል። ለሙከራና ለሚበላሸው ሃምሳ ሃምሳ ጨምሪበት። በዕለቱ ማታ አትጀምሪ፤ ከቀኑ በፊት ተለማመጂ። ለመለማመድ ደግሞ ውድ ጠርሙስ መክፈት የለብሽም። 100 ግራም ስኳር በ100 ሚሊ ሊትር ትኩስ ጥቁር ቡና ውስጥ አሟሚ። እሱ ከሥር ይሆናል። መሃሉ ላይ ወተት፤ ወተት በሊትር 1030 ግራም አካባቢ ነው። ከላይ ስኳር የሌለው ሻይ፤ እሱ ከውሃ ብዙም አይለይም። ሦስቱንም ፍሪጅ ውስጥ አስገብተሽ እኩል አቀዝቅዢ፣ ከዚያ በማንኪያው ቅጂ። ወተቱና ሻዩ የክብደት ልዩነታቸው ጠባብ ስለሆነ ከዋናው ሾት ይከብዳል። እሱ ላይ እጅሽ ከታዘዘልሽ ውስኪው ላይ ምንም አትፈሪም።

ይህ የመለማመጃ ሾት ሌላም ጥቅም አለው። አልኮል ለማይጠጣ እንግዳ ይቀርባል። በትሪው ላይ ከሌሎቹ ጋር ብታስቀምጪው ማንም በመልኩ አይለየውም፤ ስለዚህ ለብቻው ጠርዝ ላይ አድርገሽ ለባለቤቱ በእጅሽ ስጪው። መቀያየር የለበትም። እሱም የዳክዬው ስም ይገባዋል፤ ከሳቁ ውጪ አይቅር።

ስለ ጉልበቱ በግልጽ ልንገርሽ። አንዱ ሾት 9 ግራም ገደማ ንጹህ አልኮል አለው። በብዙ አገሮች አንድ «መደበኛ መጠጥ» ተብሎ የሚቆጠረው 10 ግራም ነው፤ በጣም ይቀራረባል። ግን አይመስልም። ጣፋጭ ነው፣ ክሬም ክሬም ይላል፣ ጉሮሮ አያቃጥልም። ሰው አንዱን ጨርሶ ወዲያው ሁለተኛውን ያነሳል። ሦስት ሾት በግማሽ ሰዓት ማለት ሦስት መጠጥ ማለት ነው። ስለዚህ በነፍስ ወከፍ አንድ አስቢ፤ ሁለተኛ ከፈለጉ ምግብ ከበሉ በኋላ ይሁን። የሚያሽከረክር ሰው፣ ነፍሰ ጡር፣ መድኃኒት ላይ ያለ ሰው የወተትና የሻዩን ይውሰድ። ወተት የማይስማማው ካለ ደግሞ ቀድመሽ ጠይቂ፤ ቤይሊስ ውስጥ ወተት እንዳለ ብዙ ሰው አያስብም፣ የመለማመጃውም መሃሉ ወተት ነው።

አንዳንዱ የተደረደረ ሾት ላይ እሳት ይለኩሳል፤ ቢ-52 የሚባለውን በዚያ መልክ አይተሽው ይሆናል። ያንቺው ላይ አትሞክሪው። ብርጭቆው ይግላል፣ ከንፈር ያቃጥላል፣ ልደት ላይ ፀጉርና መጋረጃ ብዙ ነው። ከቤት ውስጥ ጨዋታ ጋር አይሄድም።

አወራረዱን በሚመለከት፣ ሁለት መንገድ አለ። በአንዴ ከተገለበጠ አፍ ውስጥ መጀመሪያ ውስኪው ይመጣል፣ ክሬሙ ይከተለዋል፣ ቡናው መጨረሻ ላይ ይቀራል። ጣፋጩ መጨረሻ መምጣቱ ነው ሾቱን ተወዳጅ ያደረገው። ቀስ ብሎ መጎንጨት የሚፈልግ ሰው ካለ ግን የላይኛውን ውስኪ ብቻውን ነው የሚያገኘው። ለእሱ ከመጀመሪያው በማንኪያ አማስለሽ ስጪው።

የደፈረሱብሽን ደግሞ አትድፊያቸው። የተበላሸው መልካቸው እንጂ ጣዕማቸው አይደለም። ወፈር ያለ ብርጭቆ በበረዶ ሙዪ፣ ሁለቱን የደፈረሱ ሾቶች አንድ ላይ ገልብጪበት፣ ትንሽ ቀዝቃዛ ወተት ጨምሪና አማስዪው። እንዲያውም እኔ ስለማመድ ያበላሸሁትን ሁሉ በዚህ መንገድ ነው የማስተናግደው። ያኔ ስሙን መቀየር ትችያለሽ፤ ዳክዬዋ ከውሃው ወጥታለች።